የሚስተር ዊልፍ ጥያቄ

እናኑ አሜሪካ ውስጥ፣ ሾርላይን በምትባል ከተማ የምትንከባከባቸው እንግሊዛዊ ሽማግሌ ሚስተር ዊልፍ ይባላሉ። ዘጠና ሦስት ዓመታቸው ነው። በወጣትነታቸው በሰሜን እንግሊዝ ለአንዲት የከሰል ማዕድን ከተማ ክለብ ተከላካይ ነበሩ። ሌላው ጡረተኛ ስላገባው ጎል ያወራል፤ እሳቸው የሚያወሩት ስላስለቀሱት አጥቂ ነው።

«የዚያን ጊዜ ኳሱ ቆዳ ነበር፤ ዝናብ ሲጠጣ ድንጋይ ይሆናል» ይሏታል። «እኔ ደግሞ ሩጫ አልችልም። ስለዚህ በምላሴ እጫወት ነበር።»

«በምላስ?»

«አዎ። ዳኛ ምላስ አይቀጣም።»

የእናኑ ባል ይርጉ የኤርፖርት ቫን ይነዳል፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ደግሞ ለሾርላይን አንጋፋዎች ቡድን ይከላከላል። በየዓመቱ ሐምሌ ላይ በአቅራቢያ ካለችው ከተማ፣ ከኬንት የትራክ ሾፌሮች ጋር ሲገጥሙ፣ ዱሬሳ የሚባለው የኬንት አጥቂ ይርጉን እንደ ቆመ ግንድ ዞሮት ያልፋል። ከዚያ በኋላ ይርጉ ያኮርፋል፤ ሳምንቱን ሙሉ እራት በዝምታ ይበላል።

እናኑ ይህንን ለሚስተር ዊልፍ ያወራችው ካልሲ ስታለብሳቸው ነው። ሽማግሌው እግራቸውን ከእጇ መንጭቀው «ውሰጂኝ!» አሉ።

ሴት ልጃቸው ስልክ ደውላ፣ ኮፍያና ብርድ ልብስ እንዳይረሳ አሳስባ ፈቀደች። ቅዳሜ እናኑ ዊልቸሩን ኬንት ሜዳ ዳር አቆመችው። ዱሬሳ ገና ከዕረፍት በፊት ሁለት አገባ። ሁለቱንም ጊዜ ይርጉ ሣር ላይ ወድቆ ቀረ።

«ያንን ትልቅ ሰውዬ ጥሪልኝ» አሉ ሚስተር ዊልፍ፣ ዕረፍት ሲወጡ።

ዱሬሳ ላቡን እየጠረገ መጥቶ፣ እንደ ወለጋ ልጅነቱ ጎንበስ ብሎ ሰላም አላቸው። የሽማግሌውን አነጋገር ግን አንድ ቃል መያዝ አቃተው። አሜሪካን በትራክ ያዳረሰ ሰው እንዲህ ያለ እንግሊዝኛ ሰምቶ አያውቅም። እናኑ አስተርጓሚ ሆነች።

«እንዳንተ የሚሮጥ ሰው አላየሁም ይላሉ።»

ዱሬሳ ደረቱን ነፋ።

«አንድ ነገር ልጠይቅህ ይላሉ። ኳስ ይዘህ ስትነሳ የምታስቀድመው ግራ እግርህን ነው ቀኝህን?»

ዱሬሳ ጎንበስ አለ። እግሮቹን ተመለከተ። «ቀኝ መሰለኝ… ቆይ፣ ግራ ነው እንዴ?»

«ግድ የለም፣ አትጨነቅ» አሉ ሚስተር ዊልፍ፣ በታላቅ ደግነት።

ከዕረፍት በኋላ የመጀመሪያዋ ኳስ ስትደርሰው ዱሬሳ ተነሳ፣ ቆመ፣ እንደገና ተነሳ። ይርጉ ሄዶ ወሰዳት። በሁለተኛዋ በራሱ እግር ተጠልፎ ወደቀ።

«ዱሬ! ምን ነካህ?» ጮኸ ጓደኛው።

«ቆይ፣ እያሰብኩ ነው!»

ሾርላይን ሦስት ለሁለት አሸነፈ። እናኑ በሻርፗ አፏን ሸፍና ሳቋ እስኪያልፍ ታገለች። ለንስሐ አባቷ ምን ልትል ነው? አባቴ፣ አንድ ጥያቄ ተረጎምኩ?

ይርጉ እጁን ዘርግቶ መጣ። «አየሽ አይደል? ልምድ ማለት ይሄ ነው!»

«አየሁ» አለች። እሱም ለጓደኞቹ ሊተርክ ሄደ።

ዱሬሳ ግን ቀጥ ብሎ ወደ ዊልቸሩ መጣ። «አባባ፣ ምንድነው ያደረጉኝ?»

ሚስተር ዊልፍ እስኪያስላቸው ሳቁ። ከዚያ በተጫዋችነታቸው ዘመን አንድ የተጋጣሚ ቡድን የክንፍ ተጫዋች የሆነ ልጅ ጫማውን እያሰረ፣ «ተንሸራተህ ኳስ ስትነጥቅ ትንፋሽህን ትስባለህ ወይስ ታወጣለህ?» ብሎ እንደጠየቃቸው በእናኑ አስተርጓሚነት ነገሩት። እስከዚያች ቀን ድረስ ስለ ትንፋሻቸው አስበው አያውቁም። ከዚያች ቀን ወዲያ ሌላ ነገር ማሰብ አልቻሉም። እሳቸው ሲያስቡ አጥቂው ያልፋል። በዓመቱ ክለቡ አሰናበታቸውና በእህታቸው ባል ዳቦ ቤት ሥራ ገቡ።

«ሃያ ዓመት እንኳ ያልሞላው ልጅ!» አሉ፣ ዛሬም እያደነቁት።

ዱሬሳ ሣሩ ላይ ተዘርግቶ ሳቀ። «መድኃኒቱስ ምንድነው?»

ሽማግሌው ለራሳቸውም እንዳላገኙ ተናገሩ። ቀጥለው ራቅ ብሎ የሚፎክረውን ይርጉን ትኩር ብለው እያዩ፣ ለእናኑ በጆሮዋ የሆነ ነገር ሹክ አሏት።

«ኖ ኖ፣ እሱን አልተረጉምም!» አለች እናኑ።

ዱሬሳ ግን የሽማግሌውን ዓይን ተከትሎ ይርጉ ጋ ደርሶ ነበር። ተነሥቶ ሱሪውን አራገፈና «አባባ፣ ለሚመጣው ሐምሌ ለይርጉም አንድ ጥያቄ ያዘጋጁለት!» እያለ ዊልቸሩን ወደ ኬንት ተጫዋቾች መግፋት ጀመረ።