የጁንበግ ዘይት

ትሪና የእናቷን የዴልፊያን ክንድ ያየችው ቤተ ክርስቲያን ውስጥ፣ መዝሙር መሃል ነው። ዴልፊያ የመዝሙር መጽሐፉን ከፍ ስታደርግ የሹራቧ እጅጌ ወደ ክርኗ ሸርተት አለ። ክንዷ በልዟል። መሃሉ ጥቁር፣ ዳር ዳሩ ቢጫ። ዴልፊያ እጅጌዋን ጎተት አደረገችና መዝሙሯን ቀጠለች።

በዚያ ሙቀት ሹራብ። መስከረም ገብቶም ኬንታኪ ሙቀቱ አልወጣላትም፤ ሰው ሁሉ በወረቀት ያራግባል።

ሲወጡ ትሪና ጠጋ አለቻት።

"እጅሽ ምን ሆነ?"

"በር መታኝ።"

"የቱ በር?"

"በር ነዋ። በር አታውቂም እንዴ?"

ትሪና በር ታውቃለች። የትምህርት ቤት አውቶብስ ነው የምትነዳው፤ በር ስትከፍትና ስትዘጋ ነው የምትውለው። በር እንደዚህ አይመታም።

ቀና ስትል ሆሊስን አየችው። ፒክአፑን ተደግፎ፣ ባርኔጣውን ይዞ እናቷን ይጠብቃል። ረጅም፣ ሰባን ያለፈ፣ እጁ አካፋ የሚያክል ሰው። እጁን አየችው። ከዚያ በኋላ ሌላ ነገር አልታያትም። ኦፓል የምትባለው የእናቷ ጓደኛም ከበሩ ላይ ሆና እዚያው እጅ ላይ ነው ያፈጠጠችው። ሆሊስ ሰላም ሲላት አልመለሰችለትም።

ሆሊስ ከዴልፊያ ጋር መታየት ከጀመረ ዓመት አልሞላውም። ዴልፊያ ባሏ ከሞተ ወዲህ ብቻዋን ነበረች። ብቸኝነቱንስ ትችለው ነበር፤ ያስቸገራት ፍርሃቱ ነው። መኪና እየነዳች ድልድዩ ጋ ስትደርስ ልቧ ይደልቃል፣ እጇ በላብ ይርሳል፣ መንገድ ዳር ታቆምና ትሪና መጥታ ትወስዳታለች። ዶክተሩ የልብሽ ምት ይዛባል ብሎ የደም ማቅጠኛ ኪኒን አዘዘላት። እሱን ዋጠች። ለጭንቀቱ ሌላ ሲያዝላት ግን "እብድ አይደለሁም" ብላ ወረቀቱን እዚያው ጠረጴዛው ላይ ትታለት ወጣች። ሆሊስ ከመጣ በኋላ እሱ ይነዳታል። ትስቃለች። ትሪና የእናቷን ሳቅ ከሰማች ቆይታ ስለነበር ዝም አለች።

ዝም አለች እንጂ አልወደደችውም። ሆሊስ ዕድሜ ልኩን ትምባሆ ነበር የሚያመርተው። ትምባሆው ሲከስር ሄምፕ ተከለ። የካናቢስ ዘር ነው ግን አያሰክርም፣ መንግሥት ፈቅዶታል፣ ከቅጠሉ ሲቢዲ የሚሉት ዘይት ይወጣል፣ የጨነቀው ሰው ምላሱ ስር ጠብ ያደርገዋል። ይሄን ለሚሰማውም ለማይሰማውም ያወራል። ትሪና አትሰማም። ሹፌር ስለሆነች ባልታሰበ ቀን ጠርተው ሽንቷን ይመረምሯታል፤ ከዚያ ዘይት ውስጥ የሚያሰክረው ነገር ትንሽ ካለበት እንጀራዋ ተቆረጠ ማለት ነው። ሄምፑ እንዲደርቅ በተሰቀለበት ጎተራ በኩል በአውቶብሱ ሲያልፉ መስኮቶቹን ታዘጋለች። ልጆቹ አፍንጫቸውን ይዘው "ማነው የፈሳው" እየተባባሉ ያብዳሉ።

ዴልፊያ ደግሞ ከሷ ትብሳለች። ዋናው መንገድ ላይ የሄምፕ ዘይት ሱቅ ሊከፈት ሲል የቤተ ክርስቲያኑን ሴቶች አስከትላ የከተማው ስብሰባ ላይ የቆመችው እሷ ናት። "ሀሺሽ ነው። ስሙን ቀይራችሁ አታምጡብን" አለች። ሱቁ ተከፈተ። እስከዛሬ በዚያ በኩል አታልፍም። ከሆሊስ ጋር መታየት ስትጀምር ከተማው ሳቀ። "እኔ አልጠጣው፣ ምን አገባችሁ" አለች። ከሱ የተቀበለችው የውሻውን ብቻ ነው። ጁንበግ የዴልፊያ ያረጀች ውሻ ናት፤ ነጎድጓድ በሰማች ቁጥር ትንቀጠቀጣለች። የእንስሳት ሐኪሟ ይሄን ሞክሩላት ስላለች ሆሊስ ቅጠሉን ከሚረከቡት ሰዎች ለትልቅ ውሻ የሚሆነውን፣ የአሳማ ጥብስ የሚሸተውን ዘይት ያመጣል። ውሻ ወሰደችው ብሎ የሚያማ የለም።

በሳምንቱ ትሪና እናቷ ቤት ሄደች። ዴልፊያ ማድቤት የበቆሎ ዳቦ ትቆርሳለች። ባቷ ላይ ሌላ አለ፤ ይሄኛው እንደ መዳፍ የሰፋ።

"እሱስ?"

"ጠረጴዛ።"

"እማ፣ ሆሊስ ነው?"

"ሆሊስ ምን?"

"ይመታሻል ወይ ነው የምልሽ።"

ዴልፊያ ቢላዋውን እንደያዘች ቆመች።  ከዚያ "ባቄላሽ ሳይቀዘቅዝ ብዪ" አለች።

አይደለም አላለችም። ትሪና ባቄላውን በላች፣ ምንም አልጣማትም።

ቅዳሜ ጠዋት ተመልሳ ሄደች። እናቷ ገና ከውስጥ አልወጣችም። ሆሊስ በረንዳው ላይ ተንበርክኮ ዝንብ የሚከለክለውን የወንፊት በር ማጠፊያ በካቻቢቴ ያጠብቃል።

"እንዴት አደርሽ" አለ።

"እጅዎን እስቲ ያሳዩኝ።"

"እ?"

"እጅህን።"

እስከዚያች ቀን አንቱ ነበር የምትለው። ሁለቱም ሰሙት። ሆሊስ ካቻቢቴውን ቀስ ብሎ አስቀመጠ።

"እናቴን አንዴ ብትነካት ሸሪፍ አልጠራብህም" አለች። "በአውቶብሱ ነው የምመጣብህ።"

አልተናደደም። ይሄ ደግሞ የባሰ አጠራጠራት።

"ክንዷን አይተሽ ነው" አለ።

"አዎ አይቼ ነው።"

"እኔም ጠይቄያታለሁ። ጁንበግ ዘላብኝ ነው ያለችኝ።"

"ለኔ በር ነው ያለችኝ።"

"እግሯንስ?"

"ጠረጴዛ። ላንተስ?"

"እሱንም ጁንበግ።"

ሁለቱም ወደ ውሻዋ ዞሩ። ጁንበግ ደረጃው ስር ተጋድማለች። ሶፋ ላይ መውጣት ካቆመች ቆይታለች፤ ደረጃውንም ሆሊስ ነው አቅፎ የሚያወጣት።

"ውሸታም" አለች ትሪና። ማንን እንዳለች እሷም አላወቀችም።

"እኔ እኮ አንቺን ጠርጥሬ ነበር" አለ ሆሊስ።

"እኔን? የገዛ እናቴን?"

"ስትቆጫት ሰምቼሻለሁ። ደግሞ አንቺም እኔን አልሽ አይደል።"

 ሰማዩ ከወንዙ ማዶ አጉረመረመ። ጁንበግ ብድግ አለች፣ ጭራዋን እግሯ መሃል ከትታ ሆሊስ ጉልበት ስር ተወሸቀች። ጥርሷ ሳይቀር ይንቀጠቀጣል።

"ዛሬ ዘይቱን አልወሰደችም?" አለች ትሪና።

"ትሰጣታለች እንጂ። ኧረ እናትሽ ማብዛቷ። በየሳምንቱ ጠርሙሱ አልቋል አምጣ ትለኛለች። ያን ያህል እኮ ፈረስ ያስተኛል፣ ቀንሺላት ብያታለሁ።"

"ይቺ ውሻ የቀመሰችው ትመስልሃለች?"

ሆሊስ ውሻዋን አየ። ጎንበስ አለና አፏን አሸተተ።

"አፏ የአሳማ ጥብስ አይሸትም" አለ።

ትሪና ባለፈው ማድቤቱ ውስጥ እናቷ ስትስማት ምን እንደሸተታት ትዝ አላት። ለቁርስ የጠበሰችው ሥጋ መስሏት ነበር።

ገቡ። ዴልፊያ መታጠቢያ ቤት ነበረች፤ ፎጣ አፍንጫዋ ላይ ይዛ ገንዳው ጠርዝ ላይ ተቀምጣለች። ፎጣው ቀልቷል።

"አልቆም አለኝ" አለች።

"እማ፣ የጁንበግን ዘይት ማነው የሚጠጣው?"

"ጁንበግ።"

"እማ።"

ሆሊስ በሩ ላይ ቆሟል። ዴልፊያ እሱን አየችው፣ ከዚያ ወለሉን። "ትንሽ ትንሽ" አለች ከፎጣው ጀርባ።

ሆሊስ ነዳ። ሆስፒታል ደሟን ወሰዱ። ውጤቱ ሲመጣ ዶክተሩ ፊቱ ተለወጠ፤ ደሟ ከልክ በላይ ቀጥኗል። በልዝ በልዝ ያለው ማንም ነክቷት አይደለም፣ ከቆዳዋ ስር በራሱ እየደማ ነው። ሌላ ቦታ ቢሆን፣ ጭንቅላቷ ውስጥ ቢሆን፣ ሌላ ወሬ ነበር የምናወራው አለ። መድኃኒት ሰጧት፣ የአፍንጫዋ ደም ቆመ፣ አስተኝተው ሲከታተሏት ዋሉ። ትሪና ኮሪደሩ ላይ ለሆሊስ የጠረጴዛውን ወሬ ነገረችው፣ ሆሊስ ነው ወይ ብላ ስትጠይቃት እናቷ አይደለም አለማለቷን ጭምር። 

ከሰዓት የሆስፒታሉ ፋርማሲስት መጣች። ወፍራም መነጽር ያደረገች፣ ፊቷ የማይፈታ ሴት።

"ከደም ማቅጠኛው ሌላ አዲስ የጀመሩት ነገር አለ?"

"የለም" አለች ዴልፊያ።

"ቫይታሚን፣ ቅጠላ ቅጠል፣ ከሱቅ የተገዛ ነገር?"

"የለም አልኩሽ።"

"እማ" አለች ትሪና።

"እሷ የጠየቀችኝ የሰውን ነው። የኔ የውሻ ነው።"

ፋርማሲስቷ አልሳቀችም። ምን እንደሆነ፣ በቀን ምን ያህል እንደምትወስድ ጠየቀቻት። ዴልፊያ መልሷን በሹክሹክታ ተናገረች። ፋርማሲስቷ መነጽሯን አወለቀች።

"ይሄውልዎት። ዘይቱ መርዝ አይደለም። ግን ጉበትዎ የደም ማቅጠኛውን እንዳያስወግድ ያግደዋል። ስለዚህ ኪኒኑ እየተጠራቀመ ይሄዳል። እርስዎ አንድ ዋጥኩ ይላሉ፣ ሰውነትዎ ብዙ እንደዋጠ ይቆጥረዋል።"

"ልቤን ግን አሳርፎልኛል" አለች ዴልፊያ። "ድልድዩን ብቻዬን ነድቼ ተሻግሬያለሁ። ሁለቴ።"

ትሪና አላወቀችም ነበር። ሆሊስም አላወቀም።

"ሊረዳ ይችላል" አለች ፋርማሲስቷ። "አንዳንዱን ይረዳል፣ አንዳንዱን አይረዳም፣ ገና ተጠንቶ አላለቀም። አሁን ያቆሙታል። ወደፊት ልሞክረው ካሉ ከሐኪምዎ ጋር ሆናችሁ ነው። የሰው ይሁን፤ ውስጡ ያለውን ሻጩ ያልሆነ ሌላ ላቦራቶሪ የመረመረው። ከትንሹ ይጀመራል፣ ደምዎ ቶሎ ቶሎ ይታያል። ካንቀላፋዎት አይነዱም። ኪኒኑን ደግሞ በራስዎ እንዳያቋርጡት። ሐኪምዎ አይሆንም ካለ ግን አይሆንም። ለጭንቀት ሌላም መድኃኒት አለ።"

"የሰጠኝን ጥዬለት ወጣሁ።"

"ተመልሰው ይውሰዱታ።"

ሲለቋት ፒክአፑ ላይ ዴልፊያ መሃል ተቀመጠች። ድልድዩ ላይ የሆሊስን ክንድ አልያዘችም። ሌላ ጊዜ ትይዘው ነበር።

"ልጅሽ ጠየቀችሽ" አለ ሆሊስ። "ሆሊስ ይመታሻል ወይ ብላ።"

"ይመታኛል አላልኩም።"

"አይመታኝም አላልሽም።"

ዴልፊያ እጅጌዋን ወደ ታች ጎተተች።

"ኦፓል ሰላም ስላት ዞር አለችብኝ። ለምን እንደሆነ ስብሰለሰል ከረምኩ። ጠብታ ወሰድኩ ከምትዪ፣ ሆሊስ ሴት ይመታል ቢባል ይሻልሽ ነበር ማለት ነው።"

"እንዲህ አድርጌ አላሰብኩትም።"

"እንዴት አድርገሽ አሰብሽው?"

"ሱቁን ዝጉ ያልኩት እኔ ነኝ፣ ሆሊስ። የከተማው ሰው ፊት። ከዚያ በምን ዓይኔ..." አልጨረሰችውም።

"ቤትሽ አደርስሻለሁ" አለ ሆሊስ። "ከዚያ ትንሽ ጊዜ አልመጣም።"

ትሪና በመስኮቱ ወደ ውጭ አየች። እዚያ መኪና ውስጥ መገኘቷ ቀፈፋት። ደስ ሊላት ይገባ ነበር፤ ሰውየው እንዲሄድ የፈለገችው እሷ ነበረች። አላላትም።

ቤተ ክርስቲያኑ ጋ ሲደርሱ ዴልፊያ "አቁም" አለች። የእሁዱን የጋራ ምሳ የሚያሰናዱት ሴቶች መኪኖች ተደርድረዋል። ወረደች። አንዴም ዞር ሳትል በጎን በር ገባች።

ሆሊስ ሞተሩን አላጠፋም።

"ምን ልትል ነው?" አለ።

"እኔ እንጃ። ጠረጴዛ መታኝ ልትላቸው ይሆናል።"

ሆሊስ ሊስቅ ዳዳውና ተወው።

"ይቅርታ" አለች ትሪና።

"አንተ ብለሽኛል።"

"ብያለሁ። ከእንግዲህ..."

"ተይው፣ እንደዚያው በይኝ። አንቱ ስትዪኝ የተቀበርኩ ይመስለኛል።"

የጎን በሩ ተከፈተ። የወጣችው ዴልፊያ ሳትሆን ኦፓል ናት። በሽርጧ እጇን እየጠረገች ሆሊስ መስኮት ጋ መጣች።

"ሆሊስ።"

"ኦፓል።"

"የውሻ ዘይት ጠጥቼ ነው አለች። ሁላችንም ፊት። አንተ እጅህን እንዳላነሳህባት፣ አፏን ዘግታ እንዳሳማችህ ተናገረች። እውነቷን ነው?"

"እውነቷን ነው።"

ኦፓል ከንፈሯን ነከሰች። ይቅርታ አልወጣትም። ወደ በሩ ዞር ብላ አየችና ድምጿን ዝቅ አደረገች።

"የሰውስ አለህ? እንቅልፍ እምቢ ብሎኛል።"

ሆሊስ ትክ ብሎ አያት።

"ምን ምን ኪኒን ነው የምትወስጂው?"

"ኧረ ብዙ ነው። የግፊት፣ የስኳር፣ ያችኛዋ ነጯ..."

"እንግዲያው ሁሉንም ይዘሽ ሄደሽ ፋርማሲስት ጠይቂ። ከኔ ጠብታ አታገኚም።"

"ምነው፣ አታምነኝም?"

"ከእንግዲህ ማንንም አላምንም፣ ኦፓል። አንቺን ደግሞ በተለይ።"

ኦፓል አኮረፈች፣ ግን አልሄደችም። ዴልፊያ በሩ ላይ ብቅ አለች። ፊቷ ቀልቷል፣ አልቅሳለች መሰል።

"ወንበር የሚያነሳ ሰው ጠፍቷል" አለች። ማንን እንደሆነ አልጠራችም።

ሆሊስ መሪውን እንደያዘ ቆየ። ከዚያ ሞተሩን አጠፋና ወረደ። ትሪና መኪናው ውስጥ ቀረች፤ አንገቷን አስግጋ በተከፈተው በር ማን እጁን እንደሚጨብጠው፣ ማን ዞር እንደሚልበት አንድ በአንድ ታይ ነበር።