ለፊልም የተለካ ሱፍ

አባቴ ልብስ ሰፊ ነው፤ ግትርነቱን ግን የትኛውም ሜትር አይለካውም። ታናሽ ወንድሙ ስንት ዓመት አብሮት ሲሰፋ ኖሮ፣ ከሱቃችን ፊት ለፊት የተዘጋጀ ልብስ መሸጫ የከፈተ ዕለት ተኮራረፉ። ይኸው ሰባት ዓመት። ሁለቱንም ስለምወድ ያልላክሁት ሽማግሌ የለም፤ ሁሉም አፍሮ ተመለሰ።

ኋላ አንዲት ፊልም ሠሪ መጣች። የከተማችንን ኑሮ በእኛው በነዋሪዎቹ ልታሠራ ነው፤ ቤቱ እውነት፣ ሥራው እውነት፣ ታሪኩ ግን ፈጠራ።

"አንድ የማያውቁት ደንበኛ መጥቶ አባትሽ ጋ ሱፍ ያሰፋል። ማን ቢሆን ይሻላል?" አለችኝ።

ዓይኔን በጨው አጥቤ አጎቴን ሰጠኋት። ወንድማማች መሆናቸውን ትንፍሽ አላልኩም።

አጎቴ ሲገባ አባቴ ዞሮ እኔን አየኝ። ክው አልኩ። ግን አንዴ ለፊልም ሠሪዋ ቃል ገብቷል፤ ካሜራውም ተከፍቷል።

"እንደምን ዋሉ ጌታዬ? ምን እንታዘዝ?" አለው፣ የገዛ ታናሹን።

"ሱፍ ነበር፤ ለሠርግ።"

እንዲህ አድርገው ይጫወቱታል ብዬ መች ጠረጠርኩ! ፍጹም የማይተዋወቁ መሰሉ። ለዚህ ነው የለፋሁት ብዬ በገንኩ።

አባቴ ትከሻውን ለካ፣ እጅጌውን ለካ። እሱ ቁጥሩን ይጠራል፣ እኔ እጽፋለሁ። ወገቡ ላይ ሲደርስ ሜትሩን ፈትቶ እንደገና አዞረው። የወንድሙን ልክ እንደ ስሙ ነው የሚያውቀው።

"ምን ሆነህ ነው?" አለ። "አሥራ አራት ሳንቲሜትር የት ገባ?"

"ስኳር ነው አሉኝ።"

"መቼ?"

"ሁለት ዓመት አለፈው።"

"እና እኔ ሞቻለሁ? መንገድ ተሻግሮ መናገር ያቅታል?"

"በምን ዓይኔ ልይህ፣ ወንድም ጋሼ?"

ፊልም ሠሪዋ ካሜራውን አቆመች። "ግሩም ነበር አባባ! ግን እኮ አይተዋወቁም። ከወገቡ ጀምረን እንድገመው።"

አባቴ ሜትሩን ከወንድሙ ወገብ ላይ አላነሳም።

"ልጄ፣ ሌላ ደንበኛ ፈልጊ" አላት። "ይሄንን እኔ ነኝ ያሳደግሁት።"