የሳቂታው ሰዓቶች

"ይሄን ማን ነው የበረረው?" አለ ኮሎኔሉ፣ ጣቱን ገጹ ላይ ተክሎ።

"እርስዎ ነዎት፣ ጌታዬ" አለ የመዝገብ ክፍሉ ሻለቃ፣ ዓይኑን በጨው አጥቦ።

"እኔ?"

"መዝገቡ እንደዚያ ነው የሚለው።"

ኮሎኔሉ መነጽሩን አውልቆ በሸሚዙ ጫፍ ጠረገው። መነጽሩ ቆሽሾ አይደለም፤ እጁ ሌላ ነገር እንዳይሠራ ሥራ እየሰጠው ነው። ፊቱ የተዘረጋው የራሱ የበረራ መዝገብ ነበር፤ አብራሪ ከመጀመሪያ ቀኑ ጀምሮ የበረራትን እያንዳንዷን ሰዓት የያዘ ወፍራም ደብተር። ጡረታ የሚወጣ አብራሪ በመጨረሻው ቀን በገዛ እጁ ፈርሞ ይዘጋዋል። እሱም ዛሬ የሠላሳ ሦስት ዓመቱን ሊዘጋ ነበር የመጣው።

ደብተሩ መሐል ላይ ግን አራት ዓመት ባዶ መሆን ነበረበት። አሁን ከአንዱ ዓመት በቀር ባዶ አይደለም። ጉድ በሉ! ስድስት መቶ አሥራ ሁለት ሰዓት በሚያምር የእጅ ጽሑፍ ሞልቶበታል።

"በእነዚህ ዓመታት የት እንደነበርኩ ታውቃለህ?"

"ሰምቻለሁ፣ ጌታዬ።"

"የት ነበርኩ?"

"ጎማ መጋዘን።"

"አዎ፣ ጎማ ስቆጥር! ጎማ ይበራል እንዴ?"

ሻለቃው ሊስቅ ብሎ ተወው። ተነሥቶ በሩን ዘጋና ድምፁን ዝቅ አደረገ።

"ጌታዬ፣ ነገሩ እንዲህ ነው። ከሁለት ዓመት በላይ ከበረራ የተቋረጠ ሰው ለጄኔራልነት አይታጭም። ደንብ ነው። የበላዮች ደግሞ እርስዎን በኮከብ እንሸኛቸው አሉ። ምን እናድርግ ታዲያ? ክፍተቱን ሞላነው። ዘጠኝ ሰዓት ላይ በሽኝቱ ታሪክዎ ሲነበብ 'ለሠላሳ ሦስት ዓመት ሳያቋርጡ የበረሩ' ይላል። አለቀ።"

"ከየት አምጥታችሁ ሞላችሁት?"

"ከበረራ መቆጣጠሪያ ማማው መዝገብ ጋር መግጠም ስላለበት፣ በጊዜው ከተደረጉት በረራዎች ወሰድን።"

"የማንን?"

ሻለቃው ጠረጴዛው ላይ ያለውን ማኅተም ከቀኝ ወደ ግራ አዛወረ። ኮሎኔሉ ግን መልስ አላስፈለገውም። አውሮፕላኗን በቁጥሯ ያውቃታል፤ ባለ አንድ መቀመጫዋ አርባ ሰባት ቁጥር ናት።

"የሳቂታውን ነው" አለ። "የሞተ ሰው ዘረፋችሁ!"

"የእሱ መዝገብ ከተዘጋ ሃያ አምስት ዓመቱ ነው፣ ጌታዬ። ማን ከፍቶ ያየዋል? እሱም ተነሥቶ አይጠይቅዎትም።"

"ባለ አንድ መቀመጫ አውሮፕላን ላይ ሁለታችን የት ተቀምጠን ነው? እሱ ጭን ላይ?"

"ወረቀት ላይ ማን መቀመጫ ይቆጥራል?" አለ ሻለቃው፣ አሁን ትንሽ ሰልችቶት። "እስከ ሰባት ሰዓት ፈርመው ይላኩልኝ። እባክዎ ራስዎን አይጉዱ።"

ኮሎኔሉ ደብተሩን ብብቱ ሥር ሸጉጦ ወጣ። በሩን ሳይዘጋው ሄደ፤ ቢዘጋው ኖሮ ከማጠፊያው ይነቅለው ነበር።

ነገሩ የሚጀምረው ከሃያ ስምንት ዓመት በፊት፣ ከአንድ ቀይ እስክሪብቶ ነው። ያን ጊዜ አብራሪዎቹ "አባ ቀይ ቀለም" የሚሏቸው ሽማግሌ ሜካኒክ ነበሩ። አውሮፕላን ችግር ካለበት የጥገና መዝገቡ ላይ ከጥግ እስከ ጥግ ቀይ ኤክስ ያሰምሩና ከሥሩ "ለበረራ ብቁ አይደለም" ብለው ይፈርማሉ። ያን ኤክስ ማንሣት የሚችለው ያሰመረው ሰው ብቻ ነው። አንድ ቀን አባ ቀይ ቀለም የአርባ ሰባት ቁጥር የነዳጅ ቱቦ አላማራቸውም፤ አሰመሩ። አዛዡ ደግሞ እንግዳ ይመጣል፣ ትርኢት አለ ብሎ ገጹን ገነጠለው። ወጣቱ መቶ አለቃ፣ የዛሬው ኮሎኔል፣ "የተገነጠለውን ገጽ ካላመጣችሁ አልበርም" አለ። በማግስቱ ጎማ መጋዘን ገባ።

በእሱ ቦታ አርባ ሰባትን ሳቂታው አበረራት። ሳቂታው ጓደኛው ነው፤ ሲገሥጹትም የሚስቅ ሰው። ሦስት ዓመት አበረራት፣ በሦስተኛው ዓመት ያው ቱቦ አየር ላይ ፈነዳ። አጣሪዎች መጥተው አባ ቀይ ቀለም ልክ ነበሩ እስኪሉ ድረስ ሌላ አንድ ዓመት ፈጀ። ከዚያ መቶ አለቃውን ከጎማዎቹ መሐል ጠርተው "ነገ በረራ አለህ" አሉት። ይቅርታ ያለው አንድ ሰው የለም። እሱም ዋጥ አድርጎ በረረ፤ አስተማሪ ሆነ፣ ስኳድሮን መራ፣ የአየር ምድቡ ምክትል አዛዥ ሆነ። ያን ሁሉ ዓመት እነዚያ ባዶ ገጾች ነበሩ ምስክሮቹ። እነሱንም አልማሩለትም!

ቤት ሲደርስ ልጁ ምግብ ጠረጴዛው ላይ የተማሪዎቿን ፈተና እያረመች ነው። አስተማሪ ናት። ሚስቱ ደግሞ የክብር ልብሱን ወንበር ላይ አንጠልጥላ፣ ትናንት በሳጥን የተላከውን ባለ ኮከቡን የትከሻ ማዕረግ እየገጠመች ነው።

"አልፈርምም" አለና ደብተሩን ፈተናዎቹ ላይ ጣለው። የሆነውን ሁሉ ቆሞ ነገራቸው።

ሚስቱ እስኪጨርስ ጠበቀችው።

"ጨረስክ?"

"ጨረስኩ።"

"አሁን እኔን ስማ፣ አንተ ሰው። ጎማ ስትቆጥር አብሬህ ቆጥሬያለሁ። ሆዴ ገፍቶ ከመኮንኖች ሰፈር ሲያስወጡን ዕቃ የተሸከምኩት እኔ ነኝ። የጓደኞችህ ሚስቶች ሲያዩኝ መንገድ ይቀይሩ ነበር፤ አንተ መቼ አየህ? ይቺን ኮከብ አንተ ብቻህን አይደለህም የምትለብሳት።"

እውነቷን ነው። ኮሎኔሉም እውነቷን እንደሆነ ስለሚያውቅ ወንበር ስቦ ተቀመጠ።

"የበደሉህ እነሱ ናቸው" አለች፣ ትንሽ ረጋ ብላ። "ሊክሱህ ሲመጡ ደግሞ እምቢ ትላለህ?"

"መቼ ካሡኝ? በደላቸውን ነው ያጠፉት! አራት ዓመት ያለ ጥፋቴ ቀጡኝ፤ ዛሬ ደግሞ አልቀጣንህም ይሉኛል። ካልተቀጣሁ እምቢም አላልኩም ማለት ነው። አባ ቀይ ቀለምም አላሰመሩም። ገጽም አልተገነጠለም። ሳቂታው በምን ሞተ ታዲያ? ጉንፋን ይዞት ነው?"

"የሞተ ተጎዳ። እኛ ምን እናድርገው?"

ልጃቸው በዚህ መሐል ደብተሩን እየገለጠች ነበር።

"አባዬ" አለች። "ይሄ ቀን እኮ የተወለድኩበት ነው።"

"አውቃለሁ። አንብቢላት።"

"ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል። አርባ ሰባት ቁጥር። አንድ ሰዓት ከአርባ ደቂቃ። አብራሪ…" ቀና ብላ አየችው። "አንተን ነው የሚለው።"

እናትየው ማዕረጉን አስቀምጣ መጣች። ደብተሩን ተቀብላ ከዓይኗ አራቅ አድርጋ አነበበችው፤ ከዚያም ደግማ አነበበችው። የዚያን ጠዋት ሦስተኛ ፎቅ ላይ፣ መስኮት ሥር ያለ አልጋ ላይ ነበረች። ሳቂታው መውለዷን ሰምቶ ከልምምድ ሲመለስ በሆስፒታሉ አናት ዝቅ ብሎ አለፈና ክንፉን ሁለቴ ግራና ቀኝ አወዛወዘላት። ነርሶቹ ጮኹ። ለዚያ ጥፋቱ የአንድ ወር ደመወዝ ተቀጥቶ "ለእንኳን ማርያም ማረችሽ ርካሽ ነው" ብሎ ስቋል። ልጅቷ ይህን ታሪክ ስንት ጊዜ ሰምታዋለች! በትንሽነቷ "ከሰማይ ሰላም ያለኝ አጎቴ" ትለው ነበር።

"አንተ እኮ አጠገቤ ነበርክ" አለች ሚስቱ። "መስኮቱን የከፈትከው አንተ ነህ።"

"ክፈት ያልሽኝ አንቺ ነሽ።"

"ይህንንም ወሰዱበት?" አለች፣ ገጹን በጣቷ እየመታች። "ይህንን እንኳ አይተዉለትም? ውይ፣ አያፍሩም! የሳቂታው ሚስት እኮ ዛሬ ትመጣለች። የጋበዝኳት እኔ ነኝ፣ በገዛ አፌ፣ ፊት ወንበር አስይዤላት። 'ሳያቋርጡ የበረሩ' ሲሉ እሷ ቁጭ ብላ ልትሰማ?"

ደብተሩን ባሏ ፊት መለሰችው።

"የሰው ወርቅ አያደምቅም" አለችና ወደ መኝታ ቤት ገባች። መሳቢያ ሲከፈት ተሰማ።

ኮሎኔሉ እጁን ዘረጋ። "ልጄ፣ እስክሪብቶሽን አውሺኝ።"

"ቀይ ነው እኮ፣ አባዬ።"

"እሱን ነው የፈለግሁት።"

ቀስ ብሎ፣ አንድም ገጽ ሳይዘል፣ በሐሰት የተሞሉትን ሁሉ ከጥግ እስከ ጥግ ኤክስ አሰመረባቸው። ከመጨረሻው ኤክስ ሥር "ለበረራ ብቁ አይደለም" ብሎ ጻፈ። ከዚያም "ሰዓቶቹ የባለቤታቸው ናቸው" ብሎ የሳቂታውን ሙሉ ስም ጨመረበት። ወደ መዝጊያው ገጽ ሲገልጥ ሻለቃው ከፊርማው ቦታ ሥር "ብርጋዲየር ጄኔራል" ብሎ በታይፕ አስመትቶ ለጥፎበታል። ሰረዘና "ኮሎኔል" ብሎ ፈረመ።

ስልኩ ጠራ። ሻለቃው ነው።

"ጌታዬ፣ ሰባት ሰዓት እየሆነ ነው። ፈረሙልን?"

"ፈርሜያለሁ።"

"ተመስገን! ሾፌር ልላክ?"

"አትላክ። ራሴ ይዤው እመጣለሁ።"

ሚስቱ የድሮውን የኮሎኔል ማዕረግ ይዛ ከመኝታ ቤት ወጣች። ባለ ኮከቡን ከልብሱ ላይ ፈታችና ሳጥኑ ውስጥ መልሳ ክዳኑን ገጠመችው።

"ና፣ ተነሥ" አለችው። "ትከሻህን ቀጥ አድርግ፤ እንዳይንጋደድብኝ።"