የኤቨሪል ክሩም ቁመት

ኤቨሪል ክሩም ከለንደን ወጣ ብሎ ባለው ስቱዲዮ በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ አሥራ ዘጠኝ ፊልም ሠርታለች። በስድስቱ ነርስ፣ በአራቱ የቤት ሠራተኛ ነበረች፤ በቀሩት ፊልሙ በተጀመረ አሥር ደቂቃ ሳይሞላ ትገደላለች። መሪ ተዋናይት ስትሆን ይህ አሁን የምንቀርጸው ፊልም የመጀመሪያዋ ነው። ውሏ በወሩ መጨረሻ ያበቃል፤ ይህ ፊልም ካላሳደሰላት ሌላ የሚያሳድስላት የለም።

የእኔ ሥራ አንዱ ቀረጻ ከሌላው እንዲገጥም መመዝገብ ነው፦ ጓንቱ በየትኛው እጅ ነበር፣ ሲጋራው ምን ያህል ተቃጥሎ ነበር። በታሪክ ዲግሪ ይዤ የሰው ጓንት እጠብቃለሁ።

ማክሰኞ ጠዋት አዲስ ልጅ መጣች። መብራት ሲስተካከል ተዋናይዋ እንዳትደክም በቦታዋ የምትቆም ሴት ሁልጊዜ አለች፤ ቁመቷ ከተዋናይዋ ጋር አንድ መሆን አለበት። የድሮዋ ጆይስ ልክ ነበረች። ይህቺኛዋ ኤቨሪልን በአራት ጣት ትበልጣለች።

የመብራት ኃላፊውን ዊልፍን ጠየቅሁት።

«ጆይስ ታማ ነው?»

«ጆይስ ደህና ናት።»

«ይህቺ ረጅም ናት እኮ።»

«ዓይኔ አልጠፋም፣ የኔ ልጅ። መብራቱን ከፍ አድርግ አሉኝ፣ ከፍ አደረግሁ። አንቺም ጓንትሽን ጻፊ።»

መዝገቤን ወደ ኋላ ገለጥሁ። ካለፈው ሐሙስ ጀምሮ ኤቨሪል የተቀረጸችው ኮፍያ አድርጋ፣ ከጀርባዋ ብቻ ነው። በገዛ እጄ ጽፌው ልብ አላልሁትም፦ ፊቷ ባልታየበት ቀረጻ ላይ ሌላ ረጅም ተዋናይት ብትተካ ማንም አይለይም።

ኤቨሪል ከመልበሻ ክፍል መጣች። ልጅቷን ከእግር እስከ ራሷ አይታ አጠገቤ ቆመች።

«ዩኒቨርሲቲ የገባሽው አንቺ ነሽ። ስንት ጣት ትበልጠኛለች?»

«አራት፣ ሚስ ክሩም።»

«እኔም አራት ነው ያልኩት። ያለ ዲግሪ።»

ልጅቷ ቦታውን ስትለቅላት ኤቨሪል ወለሉ ላይ በጠመኔ የተሠመረው ምልክት ላይ ቆመች። ብርሃኑ ከግንባሯ በላይ አልፎ ግድግዳው ላይ አረፈ፤ ፊቷ ጨለመ። ዳይሬክተሩ ሚስተር ሃልሮይድ ወረቀቱን ያገላብጣል።

«ዊልፍ፣ ሳጥን ስጠኝ» አለች ኤቨሪል።

አጫጭር ወንድ ተዋንያን የሚቆሙባቸው የእንጨት ሳጥኖች በየጥጉ አሉ። ዊልፍ ዳይሬክተሩን አየ። ማንም አልተነሳም። ራሷ ሄዳ አንዱን ጎትታ አመጣች፤ ምልክቱ ላይ አድርጋ ወጣችበት። ብርሃኑ ፊቷ ላይ ልክ ገጠመ። ኮፍያዋን አወለቀች።

«ዝግጁ ነኝ፣ ሚስተር ሃልሮይድ። ዛሬ ከፊት ነው፣ አይደል?»

ሚስተር ሃልሮይድ ሰዓቱን አየ።

«ሻይ» አለ።

ሻይ አራት ሰዓት ተኩል ላይ ነው። አንድም ዳይሬክተር ከሰዓቱ ቀድሞ ሲጠራው አይቼ አላውቅም። ገና አራት ሰዓት መሆኑ ነበር። ዊልፍ መብራቶቹን አንድ በአንድ ያጠፋ ጀመር። ኤቨሪል ከሳጥኑ አልወረደችም።

መዝገቤ ላይ ጻፍሁ፦ ሳጥን ላይ ቆማ፤ ኮፍያ የለም፤ ጓንቱ በግራ እጅ።