ከበቅሎ ሶምሶማ በላይ

ኮሶዬ ገበያ ዳር መንግሥት «30» የሚል የፍጥነት ወሰን ቆርቆሮ ሲተክል፣ ቁጥሩን አዲስ አበባ ይቁረጠው ፈረንጅ አገር፣ የጠየቀ የለም። ከደባርቅ የሚወርደው ሾፌር ሁሉ አይቶ እንዳላየ ያልፋል። ፖሊሱ ደግሞ አንድ ሰው ነው፤ ፊሽካውን ነፍቶ ሳይጨርስ ማኪናው ጎንደር ገብቷል። በዚህ መሃል የሰፈሯን ሴት የእናኑን አንድያ ልጅ ትርንጎን፣ ከገበያ ስትመለስ የጭነት ማኪና ገጭቶ ገደለባት። የደብሩ ቄስ ሐብተ ማርያም ነገሩን በራሳቸው እጅ ያደረጉት ከዚያ ወዲያ ነው።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ መስቀላቸውን ይዘው መንገዱ መሃል ቆሙና ገዘቱ። «በዚህ ደብር አጥቢያ ከበቅሎ ሶምሶማ በላይ የነዳ ውጉዝ ይሁን።» ያለ እናኑ ፈቃድ ግዝቱን እንደማይፈቱም እዚያው ቃል ገቡላት። ከዚያማ ምኑ ቅጡ! ቅጣት ያልበገረው ሾፌር ሁሉ ሙሽራ እንደጫነ ሰው ቀስ ማለት ጀመረ፣ እስላሙ ሳይቀር። የአባ በቅሎ ደግሞ ያረጀች ናት፤ ሶምሶማዋ ከእርምጃ አይሻልም። ገበያውን ያለፈው መልሶ ሲፈተለክ እያዩ፣ አባ የግዝቱን ወሰን እየገፉ እየገፉ ከአንዱ ተረተር እስከ ሌላው አደረሱት። ማን ሊከራከራቸው?

ዛሬ ግን ዳባት የተዳረችው ልጃቸው ስንዱ ምጥ ጠንቶባት፣ በፋንታሁን የጭነት ማኪና ላይ በጆንያ መሃል ተኝታ ወደ ጎንደር ሐኪም ቤት ትወርዳለች። ሊያመጧት የሄዱት አባ ጋቢና ውስጥ ተቀምጠዋል፣ መቀመጥ ከተባለ። አንዴ ወደ ኋላ ይዞራሉ፣ አንዴ ዳዊታቸውን ይገልጣሉ፣ መልሰው ያጥፉታል። የግዝቱ ወሰን ላይ ሲደርሱ ፋንታሁን ማርሽ ቀነሰ።

«ምነው?» አሉት።

«ግዝት ነዋ፣ አባ።»

«ልጄ እየሞተችብኝ ነው እኮ።»

«እኔስ ውጉዝ ሆኜ ብሞት ማን ይቀብረኛል? በፈረንጅ አገር ፖሊስ ፍጥነቱን በሰዓት ይለካል አሉ። ሰዓትስ ይሸወዳል፤ የእርስዎን ግዝት ምን አድርጌ ልሸውደው። ይፍቱኝና እነዳለሁ።»

ለመፍታት አንዲት ቃል ትበቃ ነበር። ግን ያቺን ቃል ለእናኑ ሰጥተዋታል። ከኋላ ስንዱ ታቃስታለች። የእናኑ ቤት መንገድ ዳር ነውና እዚያ ሲደርሱ አስቁመው ወረዱ፤ እንደ ለማኝ ደጇ ቆመው ነገሯት።

እናኑ ልጇ ከሞተች ወዲህ ማኪና ሲያልፍ ፊቷን የምታዞር ሴት ናት።

«ይፍቱት» አለች። «ግን አብሬ እሄዳለሁ። ንዳ ስለው ይነዳል፣ ቀስ ስለው ቀስ ይላል። የሌላ ሰው ልጅ እንዲገጭ አልፈቅድም።»

አባ ፋንታሁንን ፈቱት፤ እናኑ መሃል ገብታ ተቀመጠች። «ንዳ» አለች፣ ማኪናው ተፈተለከ። ከብት የሚያሻግሩ ሰዎች ስታይ «ቀስ» አለች፣ ቀስ አለ። አባም ይህንስ ሸጋ ፈረደች ብለው ቻሉ። ረጅሙ ቁልቁለት ላይ ሲደርሱ ግን እስከ ታች ድረስ «ቀስ፣ ቀስ» አለች። አባ አንገታቸውን ቢያሰግጉ መንገዱ ላይ ምንም አልታይ አላቸው። አንዴ ወደ ኋላ አንዴ ወደ ፊት እያዩ ይቁነጠነጣሉ። እሷ የምታየው ይኖራል ብለው ዳዊታቸውን ገለጡ።

ሐኪም ቤት ስንዱ ተረፈች። ልጁ ግን ማህፀን ውስጥ ታፍኖ ሞቶ ተወለደ። «ትንሽ ቀደም ብላችሁ ቢሆን» አለቻቸው ነርሷ።

እናኑ ከጋቢናው አልወረደችም ነበር። ፋንታሁን ነግሯት ኖሮ፣ አባ ሲመጡ ቀና ብላ አላየቻቸውም።

«አባ፣ ቁልቁለቱ ላይ ሰው አልነበረም» አለች። «እርስዎ ሲቁነጠነጡ አየሁና፣ እኔም በልጄ እንዲህ ሆኜ ነበር እኮ፣ ትንሽ ይቅመሱት አልኩ። ልጁ ይሞታል አላልኩም። ይፍቱኝ።»

አባ በጥፊ ሊሏት እጃቸው ተነስቶ ነበር፤ እንደ ምንም መልሰው መስቀላቸውን ከኪሳቸው አወጡና አሳለሟት። «እግዚአብሔር ይፍታሽ» አሉ። ከልባቸው እንዳልሆነ እሳቸውም አወቁ፣ እሷም አወቀች።