የፎቶ ቤቱ ሐይቅ

በከተማው ውስጥ ያገባ፣ የተመረቀ፣ ልጅ የወለደ ሁሉ ፎቶ የተነሣው በአንድ ፎቶ ቤት መጋረጃ ፊት ነው። መጋረጃው ላይ ሰማያዊ ሐይቅና አንገታቸው የረዘመ ነጫጭ ወፎች ተሥለዋል። ፎቶ አንሺው የየት አገር ሐይቅ እንደሆነ እንኳ አያውቅም፤ በቅናሽ ያገኘው ጨርቅ ነው።

አንድ ቀን የክልሉ አካባቢ ጥበቃ ኃላፊ የሰው ሁሉ የሰርግ ፎቶ ታቅፎ ፎቶ ቤቱ ከች አለ።

«ከከተማው ዳር ያለውን ረግረግ ቆፍረን የጥንቱን ሐይቅ ልንመልስ ነው። ሕዝቡ በአንድ ድምፅ ጠይቋል፤ ማስረጃውም ይኸው!»

የፎቶ አንሺው አማት ክው አሉ። የሚኖሩት ከዚያ ረግረግ ደንገል እያጨዱ ምንጣፍ በመሥራት ነው።

«ጌታዬ፣ እሱኮ ሥዕል ነው!» አለ ፎቶ አንሺው።

ወረፋ የምትጠብቅ ሙሽራ አፈጠጠችበት። «ሐይቃችንን ነው ሥዕል የምትለው? እናቴ እዚያ ዳር ቆማ የተነሣችው ፎቶ ሳሎናችን ተሰቅሏል!»

«እናትሽ የቆመችው እዚህችው ክፍል ውስጥ ነው፤ መብራቱን የያዝኩላት እኔ ነኝ» አሉ አማትየው። ወደ ኃላፊው ዞረውም፣ «ምነው ልጄ፣ ሐይቁን ይሄን ያህል ከወደዳችሁት እዚሁ መጋረጃው ላይ አትጠብቁትም?» አሉት።

የኃላፊው ፊት በራ። ያለ ቁፋሮ፣ ሕዝቡም ሳይከፋው! ረግረጉን ተወና መጋረጃውን አጥር አጠረለት፣ ዘበኛ ቀጠረለት፣ «ዓሣ ማጥመድ ክልክል ነው» የሚል ሰሌዳም አቆመለት።

አማትየው ማጭዳቸውን ይዘው እየሳቁ ወደ ደንገላቸው ሄዱ። ፎቶ አንሺው ግን እስከ ዛሬ ወደ ገዛ ስቱዲዮው የሚገባው አስፈቅዶ ነው።

«ቀስ ብለህ እለፍ» ይለዋል ዘበኛው፣ «ወፎቹ ይበረግጋሉ።»