ከመርዶው በፊት የነበረው ቅዳሜ

ሰው ምን ይለኛል ብዬ እስከ ዛሬ ዝም ብያለሁ። አሁን ግን የፈለገ ይሳቅ። የአክስቴ ልጅ ደግፌ፣ በፈረንጅ ዘጠና አራት፣ ለንደን አርችዌይ በተከራያት አንዲት ክፍል ውስጥ ከዓለም ዓለም የሚያሻግር ማሽን ሠርቷል። እኔ እታለማሁ በዓይኔ በብረቱ አይቻለሁ።

የዚያን ሰሞን ግን የጨነቀኝ ማሽኑ አልነበረም። እናቱ፣ አክስቴ ብፅዓት፣ አዲስ አበባ ከሞቱ ወራት አልፈው ነበር። ሰሜን ለንደን ያለ አበሻ ሁሉ ያውቃል፤ እሱ ብቻ አያውቅም። «የሆም ኦፊስ የጥገኝነት ኢንተርቪው አለበት፤ እስኪጨርስ አይነገረው» ብለው ሽማግሌዎቹ ወሰኑ። ኢንተርቪውን አደረገ። ከዚያ ደግሞ አንዱ «ሺፍት አለብኝ»፣ ሌላው «ዴይ ኦፍ የለኝም፣ የዕረፍት ቀኔ አይደለም» እያለ ነገሩ ተጓተተ። ይኸውላችሁ፣ እዚህ አገር መርዶ እንኳ ዴይ ኦፍ ይጠብቃል! በመጨረሻ ለእሁድ ማለዳ ተቆረጠ። እኔ ታዲያ «እማዬ ምነው ደብዳቤ ጠፋባት?» ባለኝ ቁጥር «ፖስታው ነው እባክህ» እያልኩ ከረምኩ።

ቅዳሜ ከሰዓት ስልክ ደወለ።

«እታለም፣ ማሽኑ ሠራልኝ! ነይ፣ እማዬን አብረን እናያታለን።»

ክው አልኩ። እናቱ የሌሉበትን ቤት ሊያይ ነው ብዬ በሩጫ ሄድኩ።

ስደርስ አልጋውን ግድግዳው ላይ አቁሞታል። ወለሉ መሃል ከካሌዶኒያን ሮድ የገዛው አሮጌ ቴሌቪዥን፣ ከሚሠራበት የፓርክ ሮያል ሳንድዊች ፋብሪካ የተጣለ ሞተር፣ ደግሞም የተወሳሰበ የሽቦ መዓት።

«ይሄ የቆርቆሮ ክምር ነው እናትህን የሚያሳይህ?»

«አትቀልጂ። ከኛ ዓለም ጎን ሌላ ዓለም አለ፤ እኔ ከአገር ያልወጣሁበት። ይሄ ወደዚያ ያሻግራል።»

«አንተ ልጅ፣ ጤና የለህም እንዴ? ሞስኮ የላኩህ ፊዚክስ ተማር ብለው ነው ወይስ ጥንቆላ?»

ሳቀ። ሲስቅ ቁርጥ እናቱን ነው።

ማብሪያውን ሲጫነው ሞተሩ አጉረመረመ፣ የቴሌቪዥኑ መስታወት ላይ በረዶ የመሰለ ነገር ተርመሰመሰ፤ ከዚያ ጠራ። ግቢው ነው። አክስቴ ብፅዓት በራፉ ላይ ዱካ ላይ ተቀምጠው ምስር ይለቅማሉ። በሕይወት! ወለሉ ላይ ዘጭ አልኩ።

ለካ መስታወቱ ለሁለቱም ወገን ያሳያል፤ ቀና አሉና እሱን አዩት።

«ደግፌ! ወይ ጉድ፣ አሰብ ደግሞ መልክ የሚያሳይ ስልክ መጣላችሁ?»

ደግፌ ወዲያው ገባው፤ በዚያኛው ዓለም አሰብ ወደብ ነው የሚሠራው። «አዎ እማዬ፣ አዲስ ነው» አለ።

«ከስተሃል። ሙቀቱ ነው አይደል? ብላ እንጂ!»

«እበላለሁ። አንቺስ ደህና ነሽ?»

«ምን እሆናለሁ? ጸዳለ አለችልኝ። ነገ እንግዳ ይመጣል ብላ ቤቱን ስትጠርግ ዋለች። የምን እንግዳ ነው ብላት አትናገርም።»

ይሄኔ ጸዳለ፣ የጎረቤት ልጅ ናት፣ ውሃ በጣሳ ይዛ ከቤት ወጣች። ደግፌን ስታይ ጣሳው ከእጇ ወደቀ።

«በስመ አብ!»

«ምን ሆንሽ?» አሏት አክስቴ።

«ምንም እማማ፣ አዳልጦኝ ነው።»

ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ አፈጠጠችበት። ከዚያ ከትከሻው አልፋ እኔን አየችኝ። ያንን ፊት አወቅሁት፤ ወራት ሙሉ ለደግፌ ያሳየሁት የራሴ ፊት ነው። በዚያ ዓለም የሞተው እሱ ነው፤ እናቱን ነገ ሊያረዷቸው ነው። እሷም የኔን ፊት አይታ የኛን ጉድ፣ እኛ ዘንድ የሞቱት እናትዬው መሆናቸውን፣ ተረዳች።

እናትና ልጅ ዘንድሮ ምስሩ ጠጠር በዛበት እያሉ ያወራሉ። እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ ደስ ብሎኝ ነበር፤ ምነው ባያልቅ አልኩ።

«መርቂኝ እማዬ።»

«ዕድሜ ይስጥህ የኔ ልጅ። አንተው ቅበረኝ።»

ጸዳለ ፊቷን አዞረች። ሞተሩ ተቃጥሎ ሸተተ፣ ምስሉም ጠፋ።

ደግፌ እጁን ቴሌቪዥኑ ላይ አደረገ።

«ጸዳለን አየሻት?» አለኝ ቀስ ብሎ።

«አየኋት።»

«እዚያ ሞቻለሁ። ነገ ሊነግሯት ነው።» ከዚያ ዞሮ አየኝ። «አንቺስ ምነው ፊትሽ እንደሷ ሆነ?»

እንባዬ ቀደመኝ።

«መቼ?» አለኝ።

ነገርኩት። ሽማግሌ የለ፣ ማለዳ የለ፣ በጠራራ ቅዳሜ ብቻዬን አረዳሁት። እሱ ጭኔ ላይ ተደፍቶ አለቀሰ፤ እኔም ጎረቤት ምን ይላል ሳልል ጮህኩ።

ሲመሻሽ ቀና አለና እንባውን በእጅጌው ጠረገ።

«እሷ ግን ነገ ሲያረዷት አታምናቸውም እኮ፣ እታለም» አለኝ። «ትናንትና አነጋግሬዋለሁ ትላቸዋለች።»